በሌላ ሰው ስም የተሰጠ ደም

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 20 ቀን፣ ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ከሩብ ላይ፣ ድሬዳዋ መጋላ ውስጥ የሚኖር የሃያ ስድስት ዓመት የከባድ መኪና ሹፌር ሽንቱ ጠቁሮ ተገኘ። የወባ መድኃኒት መዋጥ ከጀመረ ሦስተኛ ቀኑ ነበር።

ሰዓቱን በቃሌ አልያዝኩትም፤ ደብተሬ ላይ ነው ያለው። ያን ጊዜ የአንድ ጋዜጣ የድሬዳዋ ዘጋቢ ነበርኩ፤ በሹፌሩ እናት ግቢ ውስጥ አንዲት ክፍል በደባልነት ይዤ እኖር ነበር። ብሔራዊ ውትድርና ከታወጀ ብዙም አልቆየም። እናቱ በሬን ሲያንኳኩ ጢሜን እየተላጨሁ ነበር። በጨርቅ የተከደነ ጣሳ ይዘዋል።

"እስቲ እየው" አሉኝ ጨርቁን ገለጥ አድርገው። "ቁቲ አይመስልም?"

ቁቲ በዚያ አገር ከቡና ቅጠል የሚፈላ መጠጥ ነው፤ መልኩ ወደ ቀይ የሚያደላ ቡናማ ነው። ጣሳው ውስጥ ያለው ከዚያም የጠቆረ ነበር።

"መቼ ጀመረው?"

"ትናንት ማታ ነው መሰለኝ። አፍሮ ደበቀኝ። ዛሬ ነው ያየሁበት።"

ገብቼ አየሁት። ፍራሹ ላይ ተደግፎ ተቀምጧል። የዓይኑ ነጭ ወደ ቢጫ ሄዷል፤ ከንፈሩ አመድ መስሏል። ሲያየኝ ፈገግ አለ።

"ጋዜጠኛው መጣ። ሞቻለሁ ማለት ነው?"

"ገና ነህ። ስትሞት ፎቶ አንሺ ይዤ ነው የምመጣው።"

"አቦ፣ ከመኪናዬ ጋር አንሱኝ እሺ?" አለና ወገቡን ያዘ።

የመድኃኒቱ ፓኮ መስኮቱ ላይ ነበር። የአሥራ አራት ቀን ክኒን ነው፤ የሁለቱ ቀን ተውጧል። እናቱ ፓኮውን አንስተው ወደ እኔ ዘረጉት።

"የዛሬውን ልስጠው ወይስ ይቅር? ሐኪሙ አንድ ቀን እንኳ እንዳታቋርጥ ብሎታል።"

ጥያቄው ይኸው ነበር፤ እስከ ቀትር ድረስም ሌላ ጥያቄ አልነበረንም። እኔ ሐኪም አይደለሁም። "ሐኪሙን እስክንጠይቅ ይቆይ፣ እርስዎም ይልበሱና አብረን እንውሰደው" አልኳቸው።

"እርስዎ አትበለኝ፣ ስንት ጊዜ ልንገርህ? ስንት ሰው ሆኜ ታየሁህ?" አሉኝ። በዚያ ጠዋት እንኳ አልተዉልኝም። ድሬዎች አንቱታ አይወዱም፤ እኔ ደግሞ ያደግሁበትን መተው አልቻልኩም።

ጋሪ ጠራንና ወደ ሆስፒታል ሄድን።

ክኒኑ የመጣው ከአንድ ጥናት ጋር ነው። ክረምቱ እንዳለቀ አንድ ሐኪም ረዳቶቹን ይዞ ከአዲስ አበባ መጥቶ ነበር። የሚያጠናው እየተመላለሰ የሚነሳውን የወባ ዓይነት ነው። ያ ወባ ትኩሳቱ ከበረደ በኋላም ጉበት ውስጥ ተደብቆ ይቀመጥና ከወራት በኋላ እንደገና ይነሳል። ከተደበቀበት የሚያወጣው ያ የአሥራ አራት ቀን ክኒን ነው። ችግሩ፣ አንዳንድ ሰው ቀይ የደም ሴሉን ከጉዳት የሚጠብቅለት አንድ ኢንዛይም ከትውልድ ይጎድለዋል። እንዲህ ያለው ሰው ክኒኑን ከዋጠ ደሙ ገና ደም ሥሩ ውስጥ እንዳለ ይፈርሳል። ስለዚህ መጀመሪያ ከሁሉም ሰው ከጣት ጥቂት ደም ይወሰዳል፤ ደሙ በወረቀት ላይ ደርቆ ይመረመራል። ውጤቱም በካርድ ይሰጣል። ካርዱ ላይ ወይ "ይወስዳል" ወይ "አይወስድም" የሚል ማኅተም አለ።

ደሙ የተወሰደው በቀበሌው አዳራሽ ነበር። ሊቀ መንበሩ እንደ ማንኛውም ስብሰባ ስም እየጠራ፣ የተጠራው "አቤት" እያለ፣ ጣቱን እየዘረጋ ያልፋል። ያልተገኘ ሰው ስሙ በቀይ ይሰመርበታል። በቀይ የተሰመረበት ደግሞ አፈሳ በመጣ ቀን መጀመሪያ የሚፈለገው እሱ እንደሆነ ሰፈሩ በሙሉ ያምን ነበር። እውነት ይሁን አይሁን አላጣራሁም። ሰው የሚያምነው ግን ያንን ነበር፤ በዚህም የተነሳ በየስብሰባው አንዱ ለሌላው "አቤት" ማለት የተለመደ ነገር ሆኖ ነበር። ጎረቤት ለጎረቤት፣ አማች ለአማች ይቆማል። ሊቀ መንበሩ የሚቆጥረው ድምፅ እንጂ ፊት አልነበረም።

እኔም ያን ቀን ተገኝቼ ዘገባ ልኬ ነበር። "ከተመዘገቡት ውስጥ የቀረ የለም" ብዬ ጻፍኩ። ምንጬ የሊቀ መንበሩ መዝገብ ነበር። ዘገባው በአራተኛው ቀን ወጣ።

ሆስፒታል ስንደርስ ሐኪሙ እዚያው ነበር። ጎልማሳ፣ ቀስ ብሎ የሚናገር፣ እጁን ደጋግሞ የሚታጠብ ሰው ነው። ሹፌሩን መረመረው፤ ጣሳውን አየ፤ ከዚያ ካርዱን ጠየቀ። እናቱ ከመቀነታቸው ፈትተው ሰጡት። "ይወስዳል" ይላል።

"እንግዲህ መድኃኒቱ አይደለም" አለ ሐኪሙ። "ወባው ራሱ ከፍቶበታል ማለት ነው። እንዲህ ሽንት የሚያጠቁር ወባ አለ። እዚህ እናስተኛዋለን። ክኒኑ እንዳይቋረጥ፤ ከምግብ ጋር ይስጡት።"

የተናገረው በእጁ ካለው ካርድ ተነስቶ ነው፤ በካርዱ መሠረት ትክክል ነበር። እናቱ ፓኮውን በእጃቸው ጨበጡ።  ዓይናቸው ከካርዱ ላይ አልተነሳም። ያን ጊዜ ያሰብኩት ደንግጠው ነው ብዬ ነው።

ወደ ኮሪደሩ ወጣሁ። ዜና ስጠብቅ የምሠራውን ነው የሠራሁት፤ ደብተሬን ወደ ኋላ ገለጥኩ። ደም የተወሰደበትን ቀን ፈልጌ አገኘሁት። የሰዉ ብዛት፣ የአዳራሹ ሙቀት፣ የሊቀ መንበሩ ንግግር። ከገጹ ግርጌ እንዲህ የሚል አንድ መስመር ነበር፦ "ሰዓት ጠጋኙ። ሁለት ጣት ታስሯል፣ የግራና የቀኝ። ተሳሳቅን።"

ሰዓት ጠጋኙ የሹፌሩ የልጅነት ጓደኛ ነው። አንድ እግሩ አጭር ነው፤ መጋላ ገበያ ዳር በአንዲት ጠረጴዛ ላይ ይሠራል። የእኔንም ሰዓት የሚያስተካክለው እሱ ነበር። ያን ቀን ከአዳራሹ ሲወጣ ሁለቱን ጣቶቹን አይቼ፣ "አንተን ብቻ ሁለት ጊዜ ወጉህ?" ስለው፣ "ደሜ ጣፍጧቸው ነው ጓድ ጋዜጠኛ" ብሎኝ ነበር። ስቄ ጻፍኩት። አልጠየቅኩትም። ሹፌሩ ያን ሳምንት ሚኤሶ መንገድ ላይ እንደነበረም አውቅ ነበር፤ ሁለቱን አላገናኘኋቸውም።

ያኔ አገናኘኋቸው። ሦስት ሰዓት ከሃያ ይላል ደብተሬ።

ወዲያው ገብቼ ለሐኪሙ መናገር እችል ነበር። አልተናገርኩም። በሌላ ሰው ስም መቅረብ በዚያ ዘመን አሻጥር ይባል ነበር፤ በአሻጥር የተከሰሰ ሰው ደግሞ መቼ እንደሚወጣ አይታወቅም። ያለሁት በአንድ ሰው ደምና በሌላ ሰው አንገት መካከል ነበር። ክኒኑ ግን ከቁርስ በኋላ ሊዋጥ ነው። ተመልሼ ገባሁና ለእናቱ፣ "እስክመለስ ድረስ እንዳይውጠው። ግማሽ ሰዓት" አልኳቸው።

እናቱ ዓይን ዓይኔን አዩኝ። "የት ልትሄድ ነው?"

"ሰዓቴን ላሳይ።"

ለምን እንደምሄድ ገባቸው። ፓኮውን ጡታቸው ሥር ከተቱት።

ሰዓት ጠጋኙ የአንድ አሮጌ ሰዓት ሆድ ዕቃ ዘርግፎ አንድ ዓይኑን በማጉያው ሸፍኖ ነበር። ቀና አላለም።

"ደግሞ ቆመች ሰዓትህ?"

"ያን ቀን ለሱ አቤት ያልከው አንተ ነህ?"

ማጉያውን ከዓይኑ አነሳ። ግራ ቀኙን አየ። "ምን አቤት?"

"ደም የሰጠነው ቀን። ሆስፒታል ተኝቷል። ሽንቱ ጠቁሯል። ያ ካርድ ያንተ ደም ከሆነ ክኒኑ እየገደለው ነው።"

ማጉያውን ጠረጴዛው ላይ አኖረ። ከዚያ በኦሮምኛ አንድ ስድብ ተሳደበ፤ ለማን እንደሆነ አልገባኝም፣ ለራሱ መሰለኝ።

"እናቱ ናት የለመነችኝ። ልጄን በቀይ ያሰምሩብኛል አለችኝ። እኔን ማን ወታደር ቤት ይወስደኛል? በዚህ እግር? ለሰልፍ ቢያቆሙኝ ሰልፉ ይጣመማል። ጠዋት በስሜ ግራዬን፣ ከሰዓት በስሙ ቀኜን ሰጠሁ። ስብሰባ መስሎኝ ነዋ! ስንት ስብሰባ ቆሜለታለሁ፣ እሱም ቆሞልኛል። ደም ነው ብዬ መች አሰብኩ?"

"ለሐኪሙ መናገር አለብን። ያለፈቃድህ ልናገር አልፈልግም።"

"ብትናገር ምን ያደርጉኛል?"

"አላውቅም" አልኩት። የማላውቀውን ነገር ልዋሸው አልቻልኩም።

የሰዓቱን ብሎኖች አንድ በአንድ ክዳን ውስጥ ለቅሞ ጠረጴዛውን ቆለፈ። "ና፣ ቀስ ብለህ ግን፤ እኔ እንዳንተ አልሮጥም" አለኝ። እንዲህ ቢልም ከኋላ የቀረሁት እኔ ነበርኩ።

ሐኪሙ ሁለታችንንም ክፍሉ አስገብቶ በሩን ዘጋ። ሰዓት ጠጋኙ ቆሞ ሁለት ጣቶቹን ከፍ አድርጎ አሳየው፤ ቁስሉ ከጠፋ ቆይቷል። "ይቺ የኔ፣ ይቺ የሱ" አለ። ሐኪሙ ወዲያው ነርሷን ጠርቶ ለሹፌሩ ከዚያ ክኒን አንድም እንዳይሰጥ አዘዘ። ከዚያ ተቀመጠ።

"ይህን የሰማሁት በሐኪምነቴ ነው" አለ። "ከዚህ ክፍል አይወጣም።" ሰዓት ጠጋኙ ያን ጊዜ ነው ወንበር የያዘው።

ሐኪሙ ግን ገና እርግጠኛ አልነበረም። የሹፌሩን ደም አሁን ቢመረምረው ሊያሳስተው እንደሚችል ነገረን። ኢንዛይማቸው የደከመው አሮጌ ሴሎች አስቀድመው ይፈርሳሉ፤ የሚቀሩት አዲሶቹ ስለሆኑ ምርመራው ጤነኛ ሊያስመስለው ይችላል። "ከበፊቱ የሚያሳይ ነገር ቢኖረኝ" አለ። "በልጅነቱ እንዲህ ሆኖ ያውቃል? ከቤተሰቡስ?"

ያን ጊዜ ፉል ትዝ አለኝ።

በግቢው ስኖር ከሹፌሩ ጋር ብዙ ጠዋት ቁርስ በልተናል። ፉል ቤት ነው የምንሄደው፤ በመጋላ ጠዋት ሌላ ምን ይበላል? እሱ ግን ሁልጊዜ ገንፎውን ወይ ዳቦና ሻዩን ይዞ ራቅ ብሎ ነበር የሚቀመጠው። እየቀለድኩበት፣ "ባቄላ ሰደበህ እንዴ?" ስለው፣ "እኛ ቤት ወንድ ፉል አይበላም፣ ክልክል ነው" ይለኝ ነበር። የሃይማኖት ነገር መስሎኝ አልገፋሁበትም።

ይህን ስነግረው ሐኪሙ ከወንበሩ ተነሳ። እናቱን አስጠራቸው።

"እናቴ፣ ወንዶቻችሁ ለምንድን ነው ባቄላ የማይበሉት?"

እናቱ አንዴ ሐኪሙን፣ አንዴ ሰዓት ጠጋኙን አዩ። ሰዓት ጠጋኙ አንገቱን ነቀነቀላቸው።

"የእናቴ ወንድም፣ ገና ልጅ ሳለ፣ ፉል በልቶ ሞተ" አሉ። "ሽንቱ እንዲሁ ነበር። ቁቲ። ከዚያ በፊትም አያቶቻችን ባሕር ማዶ ሳሉ ሌላ ሞቷል ይባላል። እናቴ ወንድ ልጅ ከወለድሽ ፉል እንዳታቀምሺ አለችኝ። ሴቶቹ እንበላለን፣ ምንም አይለንም።"

"ይህንን እኮ ማንም አልነገረኝም" አለ ሐኪሙ፤ ድምፁ ከፍ አላለም።

"ማን ጠየቀኝ?" አሉ እናቱ። "ስም ጠሩ፣ ጣት ወጉ፣ ሄዱ።"

ሐኪሙ ይህን ቃል በቃል ጽፎ ሲይዝ አይቻለሁ።

ቀስ አድርጎ አስረዳቸው። ጉድለቱ ከእናት ወደ ወንድ ልጅ የሚወርድ ነው፤ እናቲቱ ብዙ ጊዜ ምንም አይሰማትም። ባቄላውም ክኒኑም የሚጎዱት ያንኑ ደካማ ጎን ነው። እናቱ እስከ መጨረሻው ሰሙትና፣ "እንግዲያ እኔ ነኝ ሁለት ጊዜ የሰጠሁት" አሉ። "በደሜም በእጄም።"

"እጅሽ ዛሬ ክኒኑን ይዞታል፤ አልሰጠም" አለ ሐኪሙ። እንዴት እንደሆነ እንጃ፣ እሱም አንቱታውን ትቶ ነበር። "ደምሽንም አትርገሚው። እኔ ከአዲስ አበባ ድረስ የመጣሁት አንዱ ምክንያት እሱ ነው። ይህ ነገር ያለባቸው ሰዎች ወባ ሲይዛቸው ሌላውን እንደሚጥለው አይጥላቸውም የሚሉ ሐኪሞች አሉ። ወባ ባለበት አገር ሁሉ ይኸው ጉድለት ከትውልድ ትውልድ ሳይጠፋ የቆየው ያለ ምክንያት አይደለም ይላሉ። ገና አልጨረስነውም። ግን ለልጅሽ ያወረስሽው ጉዳት ብቻ ላይሆን ይችላል።"

እናቱ ነጠላቸውን ፊታቸው ላይ ሳብ አደረጉ። 

ከሰዓት በኋላ የሹፌሩ ደም በጣም ወረደ። መቀመጥ አቃተው፤ ልቡ ከውጭ ሲመታ ይታይ ነበር። ደም መስጠት ግድ ሆነ። ታላቅ ወንድሙ ከጋራዥ በቅባቱ መጥቶ እጅጌውን ጠቀለለ። ሐኪሙ መለሰው።

"ያንተን አልቀበልም።"

"ለምን? ወንድሜ አይደለም?"

"ወንድምህ ስለሆነ ነው። ያው እናት ናት የወለደቻችሁ። ያንተም ደም ያው ሊሆን ይችላል።"

ወንድምየው እጅጌውን አልመለሰም፤ ክንዱን እንደገለጠ ግድግዳውን ተደግፎ ቀረ። የእኔ የደም ዓይነት አልገጠመም። የሰዓት ጠጋኙ ገጠመ። አልጋው ላይ ጋደም ሲል መርፌውን የያዘችው ነርስ ስሙን ጠየቀችው፤ መዝገብ ላይ ልትጽፈው ነው።

"የኔን?" አለ።

"የማንን ታዲያ?"

ስሙን ከነአባቱ ከነአያቱ ነገራት። "በደንብ ጻፊው" አላት። ከዚያ ወደ እኔ ዞሮ፣ "ጓድ ጋዜጠኛ፣ ይህኛው በራሴ ስም ነው፤ ደብተርህ ላይ አርም" አለኝ።

ከጎኑ ተኝቶ የነበረው ሹፌር ዓይኑን ሳይገልጥ፣ "ያንተ ደም ከገባብኝ እኔም ላነክስ ነው" አለ።

"ብታነክስ ይሻልሃል፤ ወታደር ቤት አይወስዱህም" አለው ሰዓት ጠጋኙ። ነርሷ ሁለቱንም ዝም በሉ አለቻቸው።

በማግስቱ ሐኪሙ የቀበሌውን ሊቀ መንበር አነጋገረ፤ እኔም ነበርኩ። ከዚያ ሰፈር የተወሰደው ደም በሙሉ ለሥራ እንደማይሆን፣ እንደገና እንደሚወሰድ ነገረው። ሊቀ መንበሩ ስሙን የሚጠራበትን ቀን ጠየቀ።

"ስም አይጠራም" አለ ሐኪሙ። "አዳራሽም አንሄድም። ቤት ለቤት ነው የምንዞረው። ማን ምን እንደማይበላ እናቶችን እየጠየቅን።"

"ሁሉም ተገኝቶ ነበር እኮ፣ መዝገቡ አለ" አለ ሊቀ መንበሩ።

"መዝገቡን አይቼዋለሁ።"

ሊቀ መንበሩ ወደ እኔ ዞረ። "ጋዜጣውም ጽፎታል" አለ።  ያን ሳምንት ለአለቃዬ የአራት መስመር እርማት ላክሁ፤ ዘገባዬ በመዝገብ ላይ ብቻ የተመሠረተና ያልተጣራ መሆኑን የሚገልጽ ነበር። የማንንም ስም አላነሳሁም። እርማቱ አልወጣም። ቅጂው እስከ ዛሬ ከደብተሩ ጋር አለ።

ቤት ለቤት ሲዞሩ ስንት ሰው ለሌላ ሰው "አቤት" ብሎ እንደነበር ሐኪሙ በኋላ ነግሮኛል። እንዳልጽፈው ቃል ስላስገባኝ እዚህም አልጽፈውም። ሰዓት ጠጋኙን ግን ማንም መጥቶ አልጠየቀውም። የሹፌሩ አዲስ ካርድ "አይወስድም" የሚል ማኅተም የተመታበት ከወራት በኋላ ነው፤ ሐኪሙ አዲሶቹ ሴሎች እስኪያረጁ ጠብቆ ነበር የመረመረው።

ሐሙስና ዓርብ ጣሳው በየጠዋቱ ይታይ ነበር። ሐሙስ ቁቲ ነበር፤ ዓርብ ሻይ። እናቱ ሁለቱንም ቀን ከአልጋው ሥር ወለሉ ላይ ተቀምጠው ነው ያሳለፉት፤ የክኒኑን ፓኮ አልጥልም ብለው በእጃቸው ይዘውት ነበር።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 24 ቀን፣ ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ፣ ሐኪሙ በጣሳው ፈንታ የመስታወት ብርጭቆ አስመጣ። ሹፌሩ ራሱ ተነስቶ ሽንት ቤት ሄዶ ሞልቶት ተመለሰ። ሐኪሙ ብርጭቆውን ተቀብሎ ወደ መስኮቱ ብርሃን አነሳው። ቀለሙ የገለባ ነበር።